ትርፌ ከአገር እንዳትወጣ

ተሻለች ቅቤ ነጋዴ ናት። በአሰላ ገበያ ግትርነቷን የማያውቅ የለም። ገዢ ቅቤዋን በጣቱ ነካ አድርጎ፣ አሽትቶ፣ «ትንሽ ሰንብቷል» ካላት ኮባውን መልሳ ትጠቀልልና ፊቷን ታዞራለች። ከዚያ ወዲያ ቢለምናትም፣ ዋጋ ቢጨምርላትም አትሸጥለትም። ግትር ሲሏት አይከፋትም። «ግትር ባልሆን ኖሮ ይኸኔ ተሰብሬ ነበር» ትላለች።

ያን ዕለት ግን ቅቤዋን ለጎረቤት ትታ በአውራጃው ፍርድ ቤት አጥር ስር፣ ከማመልከቻ ጸሐፊው ከገብረ መድህን ፊት ድንጋይ ላይ ተቀምጣለች። ደርግ አገሩን ከያዘ አሥረኛ ዓመቱ ነው። ገብረ መድህን በልጅነታቸው ቅኔ ቤት የዋሉ፣ ኋላ ግን ለባለጉዳይ ሲጽፉ ያረጁ ሽማግሌ ናቸው። ጣታቸው ከካርቦን ወረቀት የተነሣ ሁልጊዜ ሰማያዊ ነው።

«በይ ንገሪኝ» አሉና እርሳሳቸውን በምላሳቸው አራሱት።

«ይርሳው ልጄን ይዞ ውጭ አገር ሊሄድ ነው። እንዳይሄድ ይጻፉልኝ።»

«እሱ እንዳይሄድ ነው ልጅቷ እንዳትሄድ?»

«እሱማ ከፈለገ ጨረቃ ላይ ይውጣ! ልጄን ነው እንጂ የምል።»

ይርሳው ባሏ ነው፤ ማለት፣ ፍርድ ቤቱ አልቋል እስኪል ድረስ ባሏ ነው። የጎጃም ሰው ነው። በሒሳብ ሠራተኝነት ተመድቦ አሰላ መጣና አገባት። ተሻለች ያኔ ከሁሩታ ተሰዳ የመጣች ሴት ነበረች። ኩፍኝ በአንድ ሳምንት ሁለት ልጆቿን ወስዶባት፣ የፊተኛው ባሏም ሐዘኑን መሸከም አቅቶት ጥሏት ሄዶ፣ ባዶ እጇን ነበረች። ከይርሳው ሴት ልጅ ስትወልድ ገና አራስ ሳለች «ትርፌ» አለቻት። ሞት ከበላው የተረፈች ማለቷ ነው። ይርሳው ደግሞ ዘመኑ የአብዮት ነውና፣ ሳያማክራት ሄዶ ቀበሌ ላይ «ህብረት» ብሎ አስመዘገባት። ኋላም ትምህርት ቤት በዚያው ስም አስገባት። ተሻለች የሰማች ቀን ቤቱ ተደበላለቀ።

«ስም የሚወጣው ለቤት ነው ለቀበሌ?» አለችው።

«ለአገር ነው» አላት።

ከዚያ ወዲህ በአንድ ቤት ውስጥ አንዲት ልጅ በሁለት ስም አደገች። እናት «ትርፌ» ስትል «አቤት»፣ አባት «ህብረት» ሲል «አቤት»። ተሻለች ግን ያንን ስም አንድም ቀን በአፏ ጠርታው አታውቅም። የትምህርት ቤት አስተማሪዋ «የህብረት እናት» ካለቻት እንኳ ሌላ ሰው የተጠራ ይመስል ዞር ትላለች።

ታዲያ ባለፈው ኅዳር ይርሳው ቡልጋርያ ባለው የኢትዮጵያ ኤምባሲ ለአራት ዓመት ሥራ ተመደበ። ጥሏቸው ሊሄድ አልፈለገም፤ ይኸን ተሻለችም አትክደውም። «ሦስታችንም እንሂድ። ልጅቷ ደህና ትምህርት ቤት ትገባለች» ነበር ያላት። እሷ እምቢ አለች።

«ሁለቱን ሁሩታ አፈር አልብሼ፣ ሦስተኛዋን ይዤ ባሕር አልሻገርም። ማን ይጎበኛቸዋል?»

«ሙታን ጎብኚ አይጠብቁም፣ ተሻለች» አላት።

ትዳሩን የጨረሰው ይኸ ቃል ነው። የዚያኑ ቀን አልጋ ለየች። ሽማግሌ ከእሷ ወገን ሁለት፣ ከእሱ ወገን ሁለት ተቀመጠ፤ አልታረቅም አለች። ነገሩ ፍርድ ቤት ገባ። ፍርዱ እስኪሰጥ ልጅቷ ከእናቷ ጋር ትቀመጥ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ አባቷ ዘንድ ትዋል ተባለ። ይርሳው ቤት ተከራይቶ ወጣ። ወዲያው ደግሞ «ልጅቷን በፓስፖርቱ ሊያስጽፍ ነው» የሚል ወሬ መጣ።

ገብረ መድህን ይኸን ሁሉ ሰምተው ሲያበቁ፣ «የልጅቷ ስም?» አሉ።

«ትርፌ ይርሳው።»

«ትምህርት ቤትም ትርፌ ነው የምትባለው?»

ተሻለች የነጠላዋን ጫፍ መጎንጎን ያዘች።

«እየጠየቅሁሽ እኮ ነው።»

«እኔ የወለድኳት ትርፌን ነው። እሱ የለጠፈባትን እሱ ይጥራት።»

«እንግዲያው ‹በሌላ ስሟ እንዲህ የምትባለው› ብለን ከጎን እናስገባው። ወረቀት ደንቆሮ ነው፣ ልጄ። የነገሩትን እንጂ ያሰቡትን አይሰማም።»

«አይገባም! በእኔ ማመልከቻ የእሱ ስም አይገባም። ካስገባሁትማ አመንኩለት ማለት ነው። ነገ ዳኛው ‹ስም ያወጣላት አባቷ ነው፣ ይውሰዳት› ቢለኝስ?»

«ዳኛ እንዲህ አይልም።»

«እርስዎ ዳኛ ነዎት?»

ሽማግሌው ራሳቸውን ነቀነቁና ጻፉ። ተሻለች ጎንበስ ብላ በትከሻቸው በኩል አየች። በመሠረተ ትምህርት ፊደል ቆጥራለች። ሌላው ሁሉ መጀመሪያ የገዛ ስሙን መጻፍ ሲለማመድ፣ እሷ አስተማሪውን «መጀመሪያ ትርፌን አሳየኝ» ብላ ነበር የጀመረችው። አሁንም ከዚያ ሁሉ ጽሕፈት መካከል ት፣ ር፣ ፌ የሚለውን በጣቷ አገኘችው። ልቧ ሞቀ።

«አዎ። ይኸው ናት» አለች።

በቀጠሮው ቀን ዳኛው ማመልከቻውን ጮክ ብለው አነበቡት። ይርሳው ካፖርቱን ቆልፎ፣ እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ ቆሟል።

«ሕፃን ትርፌ ይርሳው፣ የፍቺው ክርክር እስኪወሰን ድረስ ከአገር እንዳትወጣ እግድ ይሰጥ ብላለች። ተቃውሞ አለህ?»

ይርሳው መሬት መሬት አየ። ከዚያ ቀና ብሎ፣ «ትርፌ ይርሳው ነው ያሉት፣ ጌታዬ?» አለ።

«አዎ።»

«እንግዲያው ተቃውሞ የለኝም።»

ተሻለች ያፈረ መሰላት። እንዲያውም አንጀቷን በላት፤ ምስኪን፣ አባት አይደለም እንዴ፣ አለች በሆዷ።

ዳኛው እግዱን ሰጡ፤ ተሻለች ግን ደብዳቤውን በፖስታ አላመነችውም። በናዝሬት በኩል ቀኑን ሙሉ ስትንገጫገጭ ውላ አዲስ አበባ ወረደችና፣ ፓስፖርት ከሚሰጠው መሥሪያ ቤት መስኮት ስር ሁለት ቀን ተሰልፋ በእጇ አስረከበች። የተቀበለቻት ልጅ እግር ጸሐፊ ናት። ወረቀቱን አገላብጣ አየችው።

«እትዬ፣ ልጅቷ ሌላ መጠሪያ አላት?»

«የላትም።»

«እርግጠኛ ነዎት? ብዙ ሰው የቤት ስምና…»

«የላትም አልኩሽ፣ የኔ እመቤት። እናቷ ነኝ።»

ጸሐፊዋ በሁለቱም ቅጂ ላይ ማኅተም መታች። ተሻለች የራሷን ቅጂ አራት አጥፋ ጡቷ ስር ከተተችው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ስትሄድ ሰውነቷ ቀለላት። ገበያ ላይ ሸዋዬ የምትባለው ቅመም ሻጭ፣ «ዛሬስ ‹ሰንብቷል› ላለሽም ሸጥሽ፣ ምን ነካሽ?» ብላ ቀለደችባት።

«ልጄን መንግሥት እየጠበቀልኝ ነው» አለቻት።

አንድ ቅዳሜ ትርፌ ከአባቷ ዘንድ ስትመለስ ጉርድ ፎቶግራፍ ይዛ መጣች። ፀጉሯ በውኃ ተለጥፎ፣ አንገቷ ላይ ያለው ቁልፍ ተቆልፎ፣ ዓይኗን አፍጥጣለች።

«እማዬ፣ ጅብሪል ፎቶ ቤት ሄድን። ‹አትሳቂ› ሲለኝ ይበልጥ ሳቄ መጣ። አራት አወጣን፤ አባዬ አንዱን ለእናትሽ ስጪያት አለኝ።»

ተሻለች ፎቶውን ስማ ገለበጠችው። ጀርባው ላይ በይርሳው እጅ ጽሕፈት ስም ተጽፏል። ፊደሎቹን መቁጠር ሳትጀምር ምን እንደሆነ ገባት። ቢላዋ አነሣችና፣ ከመጀመሪያው ፊደል ጀምራ ፋቀችው። ልጅቷ ቆማ ታያታለች።

«እማዬ፣ እሱም እኮ እኔ ነኝ።»

«አንቺ ትርፌ ነሽ።»

«ሁለቱንም ነኝ» አለች ልጅቷ፤ ከዚያ ርቧት ነበርና ወደ ሌማቱ ሄደች።

አራት ፎቶ ለምን እንደሚወጣ ተሻለች ሳትጠረጥር አልቀረችም። ግን እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ የወረቀቱን መንኮሻኮሽ ስትሰማ ልቧ ተመለሰ። ያንሳት፣ መቶ ፎቶ ያንሳት። እግዱ እኔ ዘንድ ነው።

ሰኔ መግቢያ ላይ፣ በአንድ ቅዳሜ ጠዋት፣ ትርፌ ሹራቧን ሳትለብስ ወጣች። ተሻለች ወደ ሁሩታ ገበያ ቅቤ ልትሰበስብ እየተነሣች ነበር።

«ብርድ ነው፤ ሹራብሽን!»

«አባዬ አዲስ ገዝቶልኛል። እማዬ፣ ከሁሩታ ሸንኮራ ታመጪልኛለሽ? ከወፍራሙ!»

«አመጣለሁ። ሂጂ።»

ሁሩታ ደርሳ ከቅቤው በፊት ሸንኮራውን ገዛች፤ እንደተባለችው ከወፍራሙ። እግረ መንገዷን ሁለቱ ልጆቿ ወዳሉበት ቤተ ክርስቲያን ጎራ ብላ፣ ሣሩን ከላያቸው ነቅላ፣ ተሳልማ ተመለሰች። አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ደጇ ተቀምጣ ትርፌን ትጠብቅ ጀመር። ልጅቷ አልመጣችም። ፀሐይ ጭላሎ ተራራ ላይ ያለውን ብርሃን እየሰበሰበች ስትሄድ ተነሥታ ወደ ይርሳው ቤት ወረደች። በሩ ከውጭ ተቆልፏል። መንገድ ላይ ጋሪ ነጂው ቱፋ ፈረሱን ሊያሳድር ሲፈታ አገኘችው።

«ቱፋ፣ ይርሳውን አይተኸዋል?»

«ያ ተሻለች!» አላት በኦሮምኛ ወጉ። «አታውቂም እንዴ? ጠዋት መናኸሪያ ያደረስኳቸው እኔ ነኝ። ሻንጣው ሁለት ነው፤ ፈረሴ ዳገቱ ላይ አለከለከ።»

«ልጅቷስ? አልቅሳለች?»

«ኧረ ምን ታለቅሳለች፤ ስትስቅ ነበር። አዲስ አበባ ሊያሳያት እንደሆነ ነገረችኝ። ደግሞ ‹እማዬን ካገኘሃት ሸንኮራውን እንዳትረሳ በላት› አለችኝ።»

ተሻለች የጋሪውን እንጨት ተደገፈች። ቱፋ ደንግጦ «ራቢ! አምላኬ!» አለ። እሷ ግን ወዲያው ቀጥ ብላ ቆመች።

«ምንም አይደል» አለችው። «የትም አይሄዱም። ከአውሮፕላኑ በር ይመልሷቸዋል።»

በማግሥቱ በመጀመሪያው አውቶቡስ ተነሣች። ስትሄድ የልጅቷን አሮጌ ሹራብና ሸንኮራውን ይዛ ነበር። ስንመለስ መኪና ውስጥ ይበርዳታል ብላ። ሸንኮራውን በነጠላ ጠቅልላ ጭኗ ላይ ስታጋድመው አጠገቧ የተቀመጠው ሰው፣ «ምን ዓይነት ጠመንጃ ነው?» ብሎ ቀለደ። ሳቀችለት። እስከ አዲስ አበባ ድረስ እንደዚያ ነበረች።

ሰኞ መስኮቱ ሲከፈት የመጀመሪያዋ እሷ ናት። ያችው ጸሐፊ አወቀቻት።

«እትዬ፣ በደህና?»

«ልጄን ልወስድ ነው የመጣሁት። አባቷ ሊያስወጣት ሲል ይዛችኋት ይሆናል።» ወረቀቱን ከጡቷ ስር አወጣች፤ በላብ ርሶ ለስልሷል።

ጸሐፊዋ መዝገብ ገለጠች። ጣቷን ከላይ ወደ ታች አወረደች። ፊቷ ላይ መልካም ነገር ታየ።

«አይዞዎት። ትርፌ ይርሳው አልወጣችም። እግዱ ይኸው፣ እንዳለ ነው። ማንም ፓስፖርት አልጠየቀላትም።»

«እኮ! ታዲያ የት አለች?»

«አልመጣችም ነው የምልዎት። በዚህ ስም የመጣ ሰው የለም።»

«አባቷ ይርሳው ነው። ቡልጋርያ ነው የሚሄደው። ሁለት ሻንጣ ይዟል።»

ጸሐፊዋ ቀስ ብላ መዝገቡን ከደነች። ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «እትዬ… ሌላ ስም አላት?» አለች።

ከተሻለች ኋላ ሰልፉ ረዝሟል። አንድ ሰው «ቶሎ በሉ እንጂ፣ እኛም ሰው ነን!» ይላል። ተሻለች አፏን ከፈተች። ስምንት ዓመት ሙሉ ያላለችውን ቃል ምላሷ አያውቀውም። ከንፈሯን በነጠላዋ ጠረገች።

«ህ…» አለች። «ህብረት። ህብረት ይርሳው።»

ጸሐፊዋ ሌላ መዝገብ አወጣች። ብዙ አልፈለገችም።

«በአባቷ ፓስፖርት ላይ ተጽፋለች። መውጫ ቪዛውን የወሰዱት ረቡዕ ነው።» ስልክ አነሣችና ደወለች፤ ስሙን ተናገረች፤ «እሺ፣ እሺ» አለች፤ አስቀመጠችው። «አውሮፕላኑ ትናንት ጠዋት ተነሥቷል። ሁለቱም ሄደዋል።»

«እግድ አለኝ እኮ! ይኸው ማኅተምሽ!»

«እግዱ የትርፌ ነው፣ እትዬ። እኔም ጠይቄዎት ነበር።»

«ጠይቀሽኛል» አለች ተሻለች። «ውነትሽን ነው። ጠይቀሽኛል።»

ሸንኮራውን መስኮቱ ጠርዝ ላይ ትታው ወጣች። ጸሐፊዋ «እትዬ፣ ዕቃዎን!» እያለች ብትጣራም አልዞረችም።

ክረምቱ አልፎ ቀጠሮው ደረሰ። ተሻለች ጭቃ ረግጣ ፍርድ ቤት ቀረበች። ተላላኪው በር ላይ ቆሞ «አቶ ይርሳው!» እያለ ሦስት ጊዜ ጮኸ። የመለሰ የለም። ዳኛው የሆነውን ሁሉ ሰምተዋል። መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን አሹ።

«ልጅቷ ከወጣች ይኸ እግድ ምንም አይሠራም። ይነሣና መዝገቡን እንዝጋው?»

«አይነሣም፣ ጌታዬ።»

«ለምንሽ ነው?»

«መንግሥት ትርፌ አልወጣችም ብሏል። በመዝገብ አይቻለሁ። ትርፌ አገር ውስጥ ናት ካላችሁ ጠብቁልኝ። አላነሣም።»

ችሎቱ ውስጥ አንድ ሰው ሳቀ። ዳኛው ብዕራቸውን አነሡና ሌላ ቀጠሮ ጻፉላት።

ስትወጣ ገብረ መድህን አጥሩ ስር ናቸው። ድንጋዩ ላይ ተቀመጠች። ማመልከቻውን ካጻፈችበት ቀን በኋላ ወደ እሳቸው ስትመጣ ይኸ የመጀመሪያዋ ነው። እሳቸውም «ብዬሽ ነበር» አላሉም።

«ደብዳቤ ይጻፉልኝ። ኤምባሲው ዘንድ ይደርሳል አሉኝ።»

ፖስታ አወጡና ጉልበታቸው ላይ አደረጉት። «በላዩ ማን ልበል?»

«ህብረት ይርሳው» አለች። አሁን ከአፏ ቶሎ ወጣ። ክረምቱን ሙሉ ብቻዋን ስታለማምደው ከርማለች።

«በየትኛው ሀ?»

«ምን ማለት ነው በየትኛው?»

«ሀሌታው ሀ አለ፣ ሐመሩ ሐ አለ፣ ብዙኃኑ ኀ አለ። እንደ መጽሐፉ ከሆነ በብዙኃኑ ነው። የዛሬ ተማሪ ግን እንዳገኘ ይጽፋል። አባቷ በየትኛው አስገባት? አንዴ በፊደል ተነጥቀሻል፤ አሁን እንሳሳት አልልም።»

ተሻለች እጇን ደረቷ ውስጥ ከታ ጉርዱን ፎቶ አወጣች፤ ገለበጠችው። ወረቀቱ እስኪሳሳ ተፍቋል። በስተመጨረሻ የ«ት» እግር ብቻ ቀርቷል። ወደ ብርሃን አዞረችው፤ አዘነበለችው፤ በጣቷ ዳሰሰችው።

«የቱ ነበር?» አሉ ሽማግሌው።

«ፍቄዋለሁ» አለች። «ሳላየው ፍቄዋለሁ። የልጄን ስም አላውቀውም፣ ጋሽ ገብሬ።»

እዚያው ድንጋይ ላይ፣ ባለጉዳዩ ሁሉ እያየ፣ ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ አለቀሰች። ገብረ መድህን እርሳሳቸውን ጆሯቸው ላይ ሰክተው ጠበቁ። ሲበቃት ፊቷን ጠራረገች።

«በሦስቱም ይጻፉት። ሦስት ፖስታ ይሁን። አንዱ አይስትም።»

«ውስጡስ?»

«ውስጡን እኔ እጽፈዋለሁ።»

ሦስት ወረቀት ተቀብላ፣ እርሳሱን እንደ ዘነዘና በጡጫዋ ጨብጣ፣ በእያንዳንዱ ላይ አንዲት ቃል ጻፈች፦ ትርፌ። ሌላ የምትጽፈው አልመጣላትም። አጥፋ ከተተቻቸው።

ፖስታ ቤት ተቀባዩ ወጣት ፖስታዎቹን ደርድሮ አያቸው። ህብረት ይርሳው፣ ሕብረት ይርሳው፣ ኅብረት ይርሳው። ፈገግ አለ።

«እዚያ ሦስት ልጅ አለሽ እንዴ፣ እናቴ?»

«ሦስት ነበሩኝ» አለች ተሻለች፤ ቴምብሮቹን ከእጁ ወስዳ፣ በምላሷ አርሳ ራሷ ለጠፈቻቸው።